ነጠላ የለበሰችው ጅብራ

እናቴ ስልጤ ተወልዳ ቀበና ያረጀች ሴት ናት። ጅብራ የሚበቅልበትን የውርጭ አገር በዓይኗ አይታው አታውቅም። ሆኖም በልጅነቴ ተልኬ በር ላይ ከቆምኩ «ምን እንደ ጅብራ ትገተሪያለሽ» ትለኝ ነበር። የአዲስ አበባ ሰው ስድቡን ያውቀዋል፤ ተክሏን የሚያውቅ ግን ከስንት አንድ ነው። እኔ ራሴ ችግኝ ሻጭ ሆኜ እንኳ ጅብራ ማለት የሆነ የደረቀ ግንድ ይመስለኝ ነበር።

ይህ ነገር ሲደርስብኝ ቀበና ወንዝ ዳር፣ ከአስፋልቱ ዝቅ ብሎ፣ ችግኝ እሸጥ ነበር፤ አሁንም እሸጣለሁ። ጽጌረዳ፣ ፓልም፣ አቮካዶ፣ ለአጥር የሚሆን ጥድ። ደንበኛ የሚጠይቀኝ ሁለት ነገር ነው፤ ቶሎ ያድጋል ወይ፣ ቅጠሉስ ግቢ ያቆሽሻል ወይ። ስለ ዱር አበባ የሚያወሩኝ አንድ ሰው ብቻ ነበሩ፤ እሳቸውም ምንም ገዝተውኝ አያውቁም።

ጋሽ ዘውዴ ይባላሉ። የካ ሚካኤል አካባቢ፣ አያቶቻቸው በኖሩበት ግቢ የሚኖሩ፣ ጡረታ የወጡ የባዮሎጂ አስተማሪ ናቸው። እየመጡ ባልዲ ገልብጠው ይቀመጡና ችግኞቼን በሙሉ ይተቻሉ።

«ነፊሳ፣ አንቺ እኮ የምትሸጪው በሙሉ መጤ ነው» ይሉኛል።

«ጋሼ፣ እኔም ቤተሰቦቼ መጤ ናቸው፤ በመጤ አይምጡብኝ» እላቸዋለሁ። ይስቃሉ፤ ሻይ አዝዝላቸዋለሁ፤ ሳይገዙ ይሄዳሉ። እንዲህ ስንኖር አንድ ቀን ጠዋት ላብ በላብ ሆነው መጡና ባልዲውን ሳይገለብጡ «አገኘኋት» አሉኝ።

ብቻቸውን የሚኖሩ ሰው ስለሆኑ ሚስት ያገኙ መሰለኝ። «እንኳን ደስ አለዎት፣ የማን ልጅ ናት?» ስላቸው ተቆጡ። «ጅብራ ነው የምልሽ፣ አንቺ ሴትዮ። ጅብራ። እዚሁ፣ ከቤቴ በላይ።»

በነጋታው ይዘውኝ ወጡ። ከየካ ሚካኤል ጀርባ ያለውን ባሕር ዛፍ ጨርሰን፣ በሸንተረሩ በኩል ወደ እንጦጦ ማርያም የሚያሻግረውን የእግር መንገድ ስንይዝ ትንፋሼ ከዳኝ። መንገዱ አንድ ቦረቦር ዞሮ ሲያልፍ፣ ትንሽ ከፍ ብሎ ቁልቁለቱ ላይ ቆማለች። ከሩቅ እንሰት መሰለችኝ፤ የአያቴ ጓሮ ትዝ አለኝ። ቀረብ ስንል ግን ከቅጠሎቿ መሃል የሁለታችንን ቁመት ደርበው ቢያቆሙት የማይደርስበት አንድ ቀጥ ያለ ነገር ወጥቷል። ከላይ እስከ ታች በአበባ ተጠቅጥቋል። ግራጫ ነው እንዳልል ሐምራዊ አለበት። ረጅም ምንቃር ያላቸው ትናንሽ ወፎች ይዞሩታል። እኔ ዕድሜዬን ከአበባ ጋር ያሳለፍኩ ሴት አፌን ከፍቼ ቀረሁ።

«ይቺ ዓመታት ሙሉ ቅጠል ብቻ ሆና ትኖራለች» አሉኝ ጋሼ። «ከዚያ አንዴ ታብባለች። ዘሯን ትበትንና ትሞታለች። ሁለተኛ የላትም።»

«ሌላ የለም እዚህ?»

«እግሬ እስኪነቃ ፈለግሁ። አላገኘሁም። በዚህ ተራራ የቀረችው እሷ ብቻ ናት ባይ ነኝ።»

«ሌላ አገርስ?»

«ሰሜን ሞልቷል። ባሌ ሞልቷል።»

«ታዲያ ምን ያስጨንቅዎታል?»

ዞረው አዩኝ። «እናትሽ ብትሞትብሽ፣ ምን ያስለቅስሻል፣ ስልጤ እናቶች ሞልተዋል ብልሽ ደስ ይልሻል?»

ከዚያ በኋላ ተከራክሬያቸው አላውቅም። ሐሳባቸው ቀላል ነበር። ዘሯ እንደ አቧራ የደቀቀ ነው፤ ሲበስል ግማሹን ለነፋሱ ትተን ግማሹን እንይዛለን፤ እኔ ቀበና አፈላዋለሁ፤ ችግኙ ሲጠነክር መልሰን እዚያው ተራራ ላይ እንተክለዋለን። ብር የማያመጣ ሥራ ነው። እውነቱን ልንገራችሁ፣ በሕይወቴ እንደዚያ የጓጓሁለት ሥራ የለም። ሌሊት በሕልሜ ሳይቀር ችግኝ ሳጠጣ አድር ጀመር።

አንድ ቢሮ ሄደን ሰው እንዲያስጠብቁልን ጠየቅን። ያነጋገረን ልጅ ጨዋ ነበር፤ ወንበርም ሰጠን። «በሰሜን ፓርክ ተጠብቆ የለም እንዴ?» አለን። ጋሼ የእናትየውን ምሳሌ ሊደግሙለት ሲሉ እጃቸውን ይዤ ወጣሁ።

አበባው ረግፎ በቦታው ትናንሽ አረንጓዴ እንክብሎች ሲቋጠሩ፣ ዘሩ ሳናየው እንዳይበተን የምንሸፍንበት ነገር አስፈለገን። የኔ የጥላ መረብ ቀዳዳው ሰፊ ነው። ጋሼ ከቤታቸው አንድ የሳሳ ነጠላ አመጡ፤ አየር ያስገባል፣ ዘር አያሳልፍም። መሰላል አስደግፈን፣ እኔ ወጥቼ፣ ከአናቷ እስከ ወገቧ ሸፍነን በቀስታ አሰርነው። ከብት እንዳይረግጣት ዙሪያዋን ድንጋይ ከበብን። ነጭ ነጠላ የለበሰች፣ ዙሪያዋ በድንጋይ የተከበበ፣ ከሰው የረዘመች ነገር፣ ጠበልተኛ በሚያልፍበት መንገድ ራስጌ ቆማለች። ሁለታችንም ስንወርድ ያየነው የዘር መያዣ ብቻ ነበር።

ወሩ ሚያዝያ ነው። እንክብሉ ቡናማ እስኪሆን ሁለት ሳምንት ያህል ቀርቶታል ብለው ነበር ጋሼ፤ በዚያው ሳምንት የዓይናቸውን ሞራ ለማስገፈፍ ወረፋቸው ደረሰ። አንድ ዓይናቸው ታሽጎ፣ አያጎንብሱ፣ ዳገት አይውጡ ተብለው ቤት ተቀመጡ። «ሄደሽ እያት» አሉኝ። እኔም በወሩ ሃያ አንድ፣ ሱቁን ለእናቴ ትቼ ወጣሁ።

ባሕር ዛፉን ሳልጨርስ እልልታ ሰማሁ። ሰርግ ነው ብዬ ነበር። ቦረቦሩን ዞሬ ሳይ ቁልቁለቱ በነጭ ልብስ ተሸፍኗል። ጠበል የያዘ ጀሪካን ያዘለ አለ፣ ተንበርክኮ የሚያለቅስ አለ። የከበብነው ድንጋይ በሥነ ሥርዓት ወደ ጎን ተነሥቶ ተደርድሯል። ሰዉ ተራ ይዞ፣ ከጅብራዋ ሥር አንድ አንድ እፍኝ አፈር እየዘገነ በነጠላው ጫፍ ይቋጥራል። እምነት ይሉታል፤ ከተቀደሰ ቦታ ተወስዶ ለበሽተኛ የሚቀባ አፈር ነው። እኔ ሙስሊም ብሆንም ቀበና ያደግሁ ነኝ፤ ምን እንደሆነ አላጣሁትም።

አጠገቤ የነበረችውን ሴት ምን ተገኝቶ ነው ብዬ ጠየቅኋት። «ትናንት ማታ አንዲት እናት በዚህ ስታልፍ፣ እመቤታችንን ነጠላ ለብሳ ቆማ አየቻት» አለችኝ። «ከዚያ በፊት እዚህ ቦታ ምንም አልነበረም አሉ።»

ወደ ፊት ተጋፍቼ ገባሁ። ሥሯ ነጭ ሆኖ ወጥቷል። በአንድ በኩል ጉድጓድ ሆኗል። ሻሼን ጠበቅ አድርጌ አሰርኩና ደግሞ ቆምኩ፤ ምን ልበል? ይህ ተክል ነው፣ ነጠላውን ያለበስናት እኛ ነን ብዬ ብጮህ፣ በሻሿ ሙስሊምነቷ የሚታወቅ ሴት በሃያ አንድ ቀን ሃይማኖታችንን ሰደበች ነው የሚሉኝ። ደግሞ ክፉ ሰዎች አልነበሩም። ላብ ሲያጠምቀኝ አይተው አንዷ ቆሎ ዘግና ሰጠችኝ።

ለጋሼ ደወልኩ።

«ምን ይታይሻል?» አሉኝ። ከዚያ እልልታውን ሰሙት መሰል «ሰርግ አለ እንዴ?» አሉ።

ያየሁትን ነገርኳቸው። «ድምፁን ከፍ አድርጊና ለአንድ ትልቅ ሰው ስጪልኝ» አሉኝ። ተራ የሚያስይዙት ጋቢ የለበሱ ሽማግሌ ነበሩ፤ ስልኩን ዘረጋሁላቸው።

«አባቴ፣ ዘውዴ እባላለሁ፤ የሚካኤል ሰበካ ልጅ ነኝ» አሉ ጋሼ። «ያቺ የቆመችው ጅብራ ናት። ተክል ናት። ነጠላውን ያለበስኳት እኔ ነኝ፤ ዘር ልይዝባት።»

ሽማግሌው በትሕትና አዳመጡ። «አይ ወንድሜ» አሉ ቀስ ብለው፣ «ተክልስ ቢሆን የፈጠረው ማን ነው? እርስዎስ ነጠላ እንዲያለብሷት ማን አሳሰበዎ?»

ስልኩን ስቀበል «ነፊሳ፣ አፈር መልሺባት። ሥሯ ፀሐይ እንዳይመታው። የምትችዪውን ያህል መልሺባት» አሉኝና ዘጉ።

በመሃሉ አንድ ቄስ አለፉ። ቆመው አዩና «ልጆቼ፣ ቤተ ክርስቲያን ያላወጀችውን አትከተሉ፤ ወደ ቅዳሴያችሁ ሂዱ» ብለው መከሩ። ሰዉ መስቀላቸውን ተሳልሞ ተበተነ። ደስታዬ ግን ቄሱ ከዓይን እስኪሰወሩ ነበር። ከወዲያ ማዶ አዲስ ሰው መጣ፤ ተራው እንደገና ተሰለፈ።

የተጣለ የማዳበሪያ ከረጢት አንሥቼ ወደ ቦረቦሩ ወረድኩ። ከታች ለስላሳ አፈር አፍሼ ተሸክሜ ወጣሁና ሥሯ ላይ ደፋሁት። ሰዉ አመሰገነኝ። ከዚያ የደፋሁትን አፈር ይዘግን ጀመር።

መጀመሪያ ማልቀስ ቃጣኝ። ወዲያው ግን አንድ ነገር ገባኝ፤ የኔን አፈር ሲወስዱ የሷን አይነኩም። ስለዚህ አመላለስኩ። እኔ ስደፋ እነሱ ሲዘግኑ፣ እነሱ ሲዘግኑ እኔ ስወርድ። ወገቤ ተቆረጠ፣ ጥፍሬ ደማ። ከሰዓት በኋላ ሥሯ ተሸፍኖ፣ ሰዉም እየሳሳ ሲሄድ «ተረፈች» ብዬ ለጋሼ ደወልኩ። እያለቀሱ መረቁኝ፤ ማልቀስም ተከልክለው ነበር።

ስልኩን ስዘጋ አንዲት ሴት አጠገቤ ቆማለች። በዕድሜ እኩያዬ ናት። ኮተቤ ገበያ ቲማቲምና ሽንኩርት እንደምትሸጥ፣ ስሟም እታለም እንደሆነ ኋላ ነገረችኝ። ድንጋይ ላይ ያስቀመጠችው ልጇ ሃያ ዓመት ቢሆነው ነው፤ ፊቱ አብጦ ገርጥቷል፤ የጆሮ ማዳመጫ አንገቱ ላይ አንጠልጥሏል።

«አፈሩን ከታች ስታመጪው አይቻለሁ» አለችኝ። «ለምን እንደሆነ አላውቅም፤ አልፈርድብሽም። እኔ የምፈልገው ግን ከሥሯ ነው።»

«ማዘር፣ ይበቃል በቃ፣ እንሂድ» አለ ልጁ አፍሮ።

«ኩላሊቱ ነው» አለችኝ። «ሁለቱም።»

ደመናው ከእንጦጦ በኩል ጠቁሯል። ተቀመጥኩና ሁሉንም ነገርኳት። አንዴ ብቻ እንደምታብብ፣ ዘሯ ገና ጥሬ እንደሆነ፣ ከሁለት ሳምንት በኋላ እንደሚደርስ፣ በተራራው ላይ ሌላ እንደሌለ፣ ሥሯ ደግሞ አሁን የያዘው ትንሽ አፈር ብቻ እንደሆነ። ሳታቋርጠኝ ሰማችኝ።

«እውነት አንዴ ብቻ ነው የምታብበው?» አለኝ ልጁ።

«አዎ።»

«ይደብራል» አለና ቀና ብሎ አያት።

እናትየው ልጇን አየች፤ ከዚያ እኔን። «እህቴ፣ የነገርሽኝ ገብቶኛል» አለች። «እኔም ያለኝ እሱ ብቻ ነው።»

ምን ትሉኝ ነበር? የቆምኩት በሷና በጅብራዋ መሃል ነው። ስለ ተክልና ስለ ተራራ የማውቀው ሁሉ አንድ ልጅ ፊት ሲቀመጥ ምን ያህል እንደሚመዝን እዚያ አየሁት። ገለል አልኩ። ጎንበስ ብላ፣ የደፋሁትን አፈር በጣቶቿ ወደ ጎን አድርጋ፣ ከሥሯ ሥር ትንሽ፣ እጅግ ትንሽ ዘገነች። ለሌላው ሰው አንድ ሙሉ እፍኝ ሲሆን የሷ ግማሽ አይሞላም። ጠንቅቃ እንደወሰደች ዛሬም እመሰክርላታለሁ።

ከዚያ ዝናቡ መጣ። የእንጦጦን ዝናብ የሚያውቅ ያውቀዋል፤ በረዶ ቀላቅሎ በጎን ነው የሚመታው። እኔ ስሸከም የዋልኩት አፈር ያልረገጥኩት ልቅ አፈር ነበር። ጎርፉ ከላይ ሲመጣ እንደ ሻይ ቅጠል ይዞት ወረደ። ነጠላው ውሃ ጠጥቶ ከበደ። ጅብራዋ ቀስ ብላ አዘመመች። ሮጬ ያዝኳት፤ ሽማግሌው ጋቢያቸውን ጥለው መጡ፣ እታለም መጣች፣ የማላውቃቸው ሰዎች መጡ። ሁላችንም ደግፈን ያዝናት። ሥሯ ሲበጠስ ድምፁን በደረቴ ሰማሁት። ሰው እንዳትጎዳ ብለን በቀስታ አስተኛናት።

በረዶው ሲያቆም ሽማግሌው ነጠላውን ፈትተው፣ ጨምቀው፣ አጥፈው በሁለት እጃቸው ሰጡኝ። «አናውቅም ነበር፣ ልጄ» አሉኝ። ነግረናቸው እንደነበር ላስታውሳቸው አልቻልኩም። እንዴት ይቻላል፣ የሳቸው ጋቢ ትከሻዬ ላይ ነበር።

እንክብሎቹን ቆርጬ በዚያው ማዳበሪያ ይዤ ወረድኩ። ጋሽ ዘውዴ በር ላይ ቆመው ጠበቁኝ። በአንድ ዓይናቸው ማየት ስላልፈለጉ ነው መሰል፣ አንዱን እንክብል በእጃቸው ዳሰው በጥፍራቸው ሰነጠቁት። ጣታቸው ረጠበ። «ወተት ነው፤ ገና ዘር አልሆነም» አሉ። ገብተው ተኙ።

ዘራነው ያው። ጋሼ በሚያውቁት ዘዴ ሁሉ፣ በጥላም በፀሐይም፣ ማቀዝቀዣ ውስጥ አስቀምጠንም። አንድም አልበቀለም። ዓይናቸው ሲፈታ ጥርት ብሎ ያይ ነበር። «አሁን ጥሩ ዓይን አለኝ፤ የማየው ነገር ግን አጣሁ» አሉኝ። በኋላም ክረምቱን ሙሉ ተራራውን ዞሩት፤ ሌላ ጅብራ አላገኙም።

አንባቢዎቼ፣ ከዚያ ቀን በፊት ነገር የሚጠፋው በክፉ ሰው ነው ብዬ አምን ነበር። ዛፍ የሚቆርጥ አለ፣ መሬት የሚቸበችብ አለ፣ እነሱን ያዝ አድርገህ መገሠጽ ነው። ያቺን ጅብራ ግን የገደላት የሚወዳት ሰው ነው። እኛም ወደድናት፣ ነጠላ አለበስናት፤ እነሱም ወደዷት፣ አፈሯን ወሰዱ። የሚቆጡበት ሰው ማጣት ምን ያህል ክፉ ነገር እንደሆነ ያልደረሰበት አይገባውም። ዛሬ ደንበኛ መጥቶ ስለ አካባቢ ጥበቃ ሲያወራኝ አልከራከርም፤ አልስማማምም። ችግኙን ጠቅልዬ እሰጠዋለሁ።

ታሪኩ እዚህ ቢያልቅ ደስ ባለኝ። መስከረም ጠብቶ ሁለት ሳምንት ያህል እንደሆነው እታለም ሱቄን አፈላልጋ መጣች። ጥቁር ለብሳለች። ምንም አልጠየቅኋትም፤ አቀፍኳት። ስንላቀቅ የነጠላዋን ጫፍ ፈታች፤ ቋጠሮው ውስጥ ደርቆ የተሰባበረ ጥቂት አፈር አለ።

«ግማሹን ቀባሁት» አለችኝ። «ግማሹን ላንቺ አስቀመጥኩት። ዘር ብሎ ነገር ነግረሽኝ ነበር። ምናልባት የወደቀ ካለበት ብዬ።»

እንክብሎቹ ያን ቀን እንደተዘጉ ነበሩ። እዚያ አፈር ውስጥ የጅብራ ዘር ሊኖር እንደማይችል እኔ አውቃለሁ። ተቀብያት ንጹሕ የችግኝ ሳጥን አወጣሁ፤ አፈሩን አራገፍኩበት፤ ውሃ ረጨሁበት።

«ይቆያል?» አለችኝ።

«ይቆያል» አልኳት።

ከዚያ ወዲህ ቅዳሜ ቅዳሜ ከገበያ ስትመለስ ትመጣለች። ታያለች፣ ጥቂት ትቀመጣለች፣ ትሄዳለች። ባለፈው ቅዳሜ ጋሽ ዘውዴ ባልዲያቸው ላይ ተቀምጠው ሳለ መጣች። ሳጥኑ ውስጥ አንድ አረንጓዴ ነገር ብቅ ብሎ ነበር። እጇን አፏ ላይ ጭና ጎንበስ አለች። ጋሼ በዚያ ጥርት ባለ ዓይናቸው አዩት፤ እኔም አውቄዋለሁ፤ ማገጥ ነው፣ በየሜዳው የሚበቅል ተራ ማገጥ። ጋሼ ሊናገሩ አፋቸውን ከፈቱ። የሴትዮዋን ጥቁር ልብስ አዩና ዘጉት።

«ብቅ አለ አይደል?» አለችኝ ቀና ሳትል።

«ብቅ ብሏል» አልኳት።

«በደንብ አጠጪልኝ» አለች።

ማጠጫውን አንሥቼ አጠጣሁት።